«ጌሙ ጠፋብኝ»፦ ስለ ጌም ሾርትከት የሚወራውና እውነታው

የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ግራውንድ ላይ ካሉት ሱቆች በአንዷ ውስጥ ኮምፒውተር እጠግናለሁ፣ ጌም እጭናለሁ። ደንበኞቼ በአብዛኛው የሰፈር ልጆች ናቸው። ከጣፎና ከለገጣፎ ላፕቶፕ በጀርባ ቦርሳ ይዘው የሚመጡም አሉ። «ጌሙ ጠፋብኝ»፣ «ጌሙ ተበላሸ»፣ «ጌሙ ቫይረስ ሆነ» ይሉኛል። ከፍቼ ሳየው ብዙ ጊዜ ጌሙ ደህና ነው። ጣጣው ያለው ዴስክቶፕ ላይ ባለችው አይከን፣ ማለትም በሾርትከቷ ላይ ነው።

ዊንዶውስ ላይ ሾርትከት ማለት የሌላ ፋይል አድራሻ የተጻፈባት ትንሽ ፋይል ናት። በ1995 እ.ኤ.አ. ከዊንዶውስ 95 ጋር መጣች፤ ዋናው አሠራሯ እስከ ዛሬ ያው ነው። መጠኗ አብዛኛውን ጊዜ 1 ወይም 2 ኪሎባይት ነው። ጂቲኤ 5 ብቻውን ከ70 ጊጋባይት በላይ ይይዛል። «ብሎክ 112፣ ሦስተኛ ፎቅ» ተብሎ የተጻፈባት ብጣሽ ወረቀት ቤቱ ራሱ እንዳልሆነች ሁሉ፣ ሾርትከቷም ጌሙ አይደለችም። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ ይህን ከመርሳት የሚመጣ ነው።

«አይከኑን ካጠፋሁት ጌሙ ይጠፋል»

አይጠፋም። ሃርድ ዲስክ ሲሞላ ግን ልጆች መጀመሪያ የሚያደርጉት ይሄንኑ ነው። ዴስክቶፕ ላይ ያሉትን የጌም አይከኖች በማውዝ ሰብስበው ይመርጣሉ፣ ዲሊት ይጫናሉ፣ ሪሳይክል ቢኑንም ባዶ ያደርጋሉ። ከዚያ ሲ ድራይቭን ሲያዩት ባሩ እንደቀላ ነው። «ጋሼ፣ ይሄን ሁሉ ጌም አጥፍቼ እንዴት ቦታ አይለቅም?» የጠፋው አድራሻው ብቻ ነዋ። ሁሉም ተደምሮ አንድ የስልክ ፎቶ አያክልም።

ከሁሉ የሚያስቀኝ ግን የእናቶች ዘመቻ ነው። የ12ኛ ክፍል ፈተና ሲቃረብ የልጃቸውን ላፕቶፕ ይዘው ይመጣሉ። «እኔ እኮ አጥፍቼበታለሁ፤ አሁንም ሲጫወት ነው የሚያድረው» ይላሉ። ልጁ ያደረገው ቀላል ነው። ኪቦርዱ ላይ ያለችውን የዊንዶውስ ቁልፍ ይጫናል፣ የጌሙን ስም ሁለት ሦስት ፊደል ይጽፋል፣ ዊንዶውስ ራሱ ፈልጎ ያመጣለታል። «ማዘር፣ ጌሙ ከነነፍሱ አለ» ስላቸው የሚስቁም፣ የሚናደዱም አሉ።

ጌም ከልብ ለማጥፋት «ሴቲንግስ» ገብቶ፣ «አፕስ» ውስጥ ስሙን ፈልጎ «አንኢንስቶል» ማለት ነው። ከሌላ ኮምፒውተር በፎልደር ተገልብጦ የመጣ ጌም ዝርዝሩ ውስጥ ላይኖር ይችላል። ያኔ ፎልደሩን ራሱን ማጥፋት ይበቃል። ልጁ ፈተናውን ጨርሶ ካቆመበት መቀጠል ከፈለገ ደግሞ ዶክዩመንትስ ፎልደሩን አትንኩበት። ለምሳሌ ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ ሴቭ የተደረገውን የሚያስቀምጠው እዚያ ነው።

የዚህ ግልባጭ ደግሞ ኪስ ይጎዳል። ዊንዶውስ ፎርማት ይደረጋል፣ ዴስክቶፑ ባዶ ሆኖ ይነሳል፣ ባለቤቱ «ጌሙ ሁሉ ሄደ» ብሎ እንደ አዲስ ያስጭናል ወይም በዳታ ያወርዳል። ዴስክቶፕ የሚቀመጠው ሲ ድራይቭ ላይ ነው፤ ስለዚህ ሲ ሲጠፋ አይከኖቹ አብረው ይሄዳሉ። ጌሞቹ ዲ ድራይቭ ላይ ከነበሩና ዲ ካልተነካ ግን እዚያው አሉ። ገብታችሁ ማስነሻውን ፋይል ክፈቱት። ብዙዎቹ የድሮ ጌሞች ዝም ብለው ይነሳሉ። ዳይሬክትኤክስ ወይም ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ (ጌሞች የሚደገፉባቸው አጋዥ ፕሮግራሞች) የጎደለው ካለ እሱን ብቻ መጫን ነው። ስቲም ከሚባለው የጌም መሸጫና ማስነሻ ፕሮግራም የመጣ ጌም ከሆነ ስቲምን ጫኑና በሴቲንግሱ «ስቶሬጅ» ውስጥ የዲውን ፎልደር አሳዩት። ያለውን አይቶ ይቀበላል። እንደ አዲስ ጊጋ መጨረስ አያስፈልግም።

«በፍላሽ ገልብጬ ወሰድኩት»

ጓደኛው ቤት የጌሙን አይከን ኮፒ አድርጎ ፍላሽ ላይ ይለጥፋል። በአንድ ሴኮንድ ያልቃል። ያ ብቻውን ሊያጠራጥረው ይገባ ነበር። ቤቱ ሲደርስ አይከኑ ነጭ ወረቀት መስሎ ይጠብቀዋል፤ ምክንያቱም ሾርትከት መልኳን እንኳን የምትበደረው ከጌሙ ፋይል ነው፣ ፋይሉ ደግሞ ጓደኛው ቤት ቀርቷል።

ጌሙን ለመውሰድ ሾርትከቷን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ኦፕን ፋይል ሎኬሽን» በሉ። ወደ ጌሙ ፎልደር ያደርሳችኋል። የሚወሰደው ፎልደሩ በሙሉ ነው። መጀመሪያ መጠኑን በፕሮፐርቲስ እዩ። ፍላሹ ሰፊ ሆኖ «ፋይሉ ትልቅ ነው» ብሎ እምቢ ካለ፣ ፍላሹ የተቀረጸው ፋት 32 በሚባለው የፋይል አያያዝ ዘዴ ነው ማለት ነው። ፋት 32 ከ4 ጊጋባይት በላይ የሆነ አንድ ፋይል አይቀበልም። ውስጡ ያለውን ሌላ ቦታ አስቀምጡና በኢክስፋት ወይም በኤንቲኤፍኤስ ፎርማት አድርጉት። ከስቲም የተገዛ ጌም ከሆነ ግን ፎልደሩ ብቻውን አይበቃም፤ አካውንቱም ያስፈልጋል።

«ሾርትከት ምን ያደርጋል፣ ራሱን ጌሙን ዴስክቶፕ ላይ ላውጣው»

ይሄኛው የጎበዞቹ ስህተት ነው። ፎልደሩ ውስጥ ገብተው ማስነሻውን ፋይል ለይተው አውቀውታል። ከዚያ ካት አድርገው ዴስክቶፕ ላይ ይለጥፉታል። ሲከፍቱት አንድ ዲኤልኤል የሚባል የጌሙ አጋዥ ፋይል እንደጠፋ የሚናገር መልእክት ብቅ ይላል፣ አለዚያም ጭራሽ ምንም አይመጣም። ስታዲየሙ፣ መኪናው፣ ካርታው፣ ድምፁ ያለው ፎልደሩ ውስጥ በቀሩት ፋይሎች ነው። ማስነሻው የሚፈልጋቸው አጠገቡ ስለሆነ ወደ ቦታው መልሱት።

እኔ የምወደው መንገድ ይሄ ነው፦ አልት ቁልፍን ተጭናችሁ ይዛችሁ ፋይሉን ወደ ዴስክቶፕ ጎትቱት። አልት ሲያዝ ፋይሉ ኮፒም አይሆንም፣ ከቦታውም አይነሳም፤ ሾርትከት ብቻ ይፈጠራል። መጎተት የማይመቸው ራይት ክሊክ አድርጎ «ሴንድ ቱ» ውስጥ ዴስክቶፕ የሚለውን ይምረጥ። ዊንዶውስ 11 ላይ መጀመሪያ «ሾው ሞር ኦፕሽንስ» መጫን አለባችሁ። ለምን እዚያ እንደደበቁት አይገባኝም። ከማይክሮሶፍት ስቶር የወረደ ጌም ከሆነ ደግሞ ፎልደሩን ስትፈልጉ አትድከሙ። ስታርት ሜኑ ውስጥ ካለው የ«ኦል አፕስ» ዝርዝር ስሙን ይዛችሁ ወደ ዴስክቶፕ ጎትቱት።

የቱን ፋይል እንደምትጎትቱ ግን ተጠንቀቁ። አንድ የጌም ፎልደር ውስጥ ሁለት ሦስት የሚከፈቱ ፋይሎች ሊኖሩ ይችላሉ፤ አንዱ ጌሙን ያስነሳል፣ አንዱ ሴቲንግ ያስተካክላል፣ አንዱ ጌሙን ያጠፋል። የመጨረሻው ስሙ ብዙ ጊዜ «ዩኒንስ» ብሎ በሦስት ዜሮ ያልቃል። አንድ ልጅ እሱን ሾርትከት አድርጎ የጌሙን ስም አወጣለት። በከፈተው ቁጥር «ላጥፋው ወይ?» ብሎ ይጠይቀዋል። ልጁ ጌሙ ፈቃድ የሚጠይቅ መስሎት «ኖ» እያለ ይመልሰዋል። አንድ ቀን ሰለቸውና «የስ» አለ።

«አልከፍትም ካለ ጌሙ ተበላሽቷል»

ከመደምደማችሁ በፊት አድራሻው ትክክል መሆኑን እዩ። ተነቃይ ሃርድ ዲስክ ላይ የሚጫወቱ ልጆች በዚህ በጣም ይቸገራሉ። ትናንት ሃርድ ዲስኩ «ኢ» ነበር። ዛሬ ሌላ ፍላሽ ቀድሞ ተሰክቶ «ኢ»ን ያዘና ሃርድ ዲስኩ «ኤፍ» ሆነ። ሾርትከቷ አሁንም «ኢ» ላይ ትፈልጋለች። ስታርትን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ዲስክ ማኔጅመንት» ግቡ፣ ለሃርድ ዲስኩ ወደ መጨረሻ ያለ ፊደል ስጡት፣ ከዚያ ሾርትከቶቹን በአዲሱ ፊደል አንዴ ሥሯቸው። እዚያ ድረስ የሚደርስ ፍላሽ ስለማይኖር በዚያ ኮምፒውተር ላይ ዳግም አያስቸግርም።

ነገሩን የሚያወሳስበው አንዳንዴ ጌሙን አዛውራችሁትም ሾርትከቷ መሥራቷ ነው። በኤንቲኤፍኤስ የተቀረጸ የኮምፒውተሩ ድራይቭ ላይ ዊንዶውስ የተዛወረን ፋይል ተከታትሎ ሊያገኘው ይችላል። ፍላሽ ላይ ግን አትመኑት።

ሌላው ብዙ ሰው የማያየው ቦታ «ስታርት ኢን» ነው። ሾርትከቷን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ ፕሮፐርቲስ ስትገቡ «ታርጌት» ከሚለው በታች አለ። ጌሙ ከየትኛው ፎልደር ሆኖ ሥራውን እንደሚጀምር የሚነግረው እሱ ነው። ልጆች «ታርጌት»ን በእጅ ይቀይሩና «ስታርት ኢን»ን ይረሱታል። አንዳንድ የድሮ ጌም ያኔ ብልጭ ብሎ ይጠፋል፤ ፋይሎቹን የሚፈልገው የድሮው ቦታ ላይ ነዋ። ሁለቱ ወደ አንድ ፎልደር እንዲያመለክቱ አድርጉ።

«ቀስት ያለበት ሁሉ ቫይረስ ነው»

ቀስቷ የሾርትከት ምልክት ናት። ዊንዶውስ ሆን ብሎ ነው የሚያደርጋት። እሷን የሚያጠፋ ፕሮግራም ፈልጉልኝ የሚሉኝ አሉ፤ እኔ አልመክርም። ቀስቷ ከሌለች የቱ ጌሙ፣ የቱ አድራሻው እንደሆነ በዓይን መለየት ያስቸግራል።

ወሬው ግን ከሜዳ አልተነሳም። ሰፈር ውስጥ «ሾርትከት ቫይረስ» የምንለው አለ። ፍላሻችሁን ፎቶ ኮፒ ቤት ሰክታችሁ ትመለሳላችሁ፤ ስትከፍቱት እያንዳንዱ ፎልደር ቀስት አውጥቷል፣ መጠኑም 1 ወይም 2 ኪሎባይት ሆኗል። ቫይረሱ እውነተኞቹን ፎልደሮች ደብቆ በስማቸው ሾርትከት አስቀምጧል። አንዳንዱ ደግሞ ሁሉንም ስም አልባ ወደሆነ አንድ ፎልደር ይሰበስባቸዋል። ሾርትከቷን ስትከፍቱ ቫይረሱም አብሮ ይነሳል፤ ፎልደሩንም ስለሚከፍትላችሁ ምንም አትጠረጥሩም።

ሰው ደንግጦ ወዲያው ፍላሹን ፎርማት ያደርጋል። አትቸኩሉ፣ ፋይሎቹ አብዛኛውን ጊዜ አሉ። ሾርትከቶቹን ሳትከፍቱ ፍላሹን በአንቲቫይረስ አስፈትሹ። ከዚያ በፎልደር ኦፕሽን የተደበቁ ፋይሎች እንዲታዩ አድርጉ፤ የሲስተም ፋይሎችን ደብቅ የሚለውንም ምልክት አንሱ። ፎልደሮቹ ደብዘዝ ብለው ብቅ ይላሉ። ውስጣቸው ያለውን ኮምፒውተር ላይ ወደ አዲስ ፎልደር ገልብጡ። ፎርማቱ ከዚህ በኋላ ነው።

ሾርትከት አደገኛ ልትሆን እንደምትችል ከስታክስኔት በላይ ምስክር የለም። በ2010 እ.ኤ.አ. የተገኘው ይህ ቫይረስ ዊንዶውስ የሾርትከትን አይከን በሚያሳይበት ቀዳዳ ይገባ ነበር፤ ፍላሹን ከፍቶ አይከኑን ማየት ብቻ ይበቃል። ማይክሮሶፍት ቀዳዳውን በዚያው ዓመት ኦገስት መግቢያ ላይ ደፈነው። የዛሬው ችግር ከዚያ የቀለለ ነው፤ ሾርትከት የፈለጋችሁትን ስምና መልክ ትቀበላለች። የሰፈሬ ልጆች ለጌማቸው «ባዮሎጂ ወርክሺት» የሚል ስምና የፎልደር አይከን ይሰጡታል። ለአባታቸው ብለው ነው። ቫይረስ የሚሠራ ሰውም ያንኑ ያደርጋል። ስለዚህ ስሙንም መልኩንም ተዉትና ፕሮፐርቲስ ውስጥ «ታርጌት» ምን እንደሚል አንብቡ። የጌም ሾርትከት ወደ ጌም ፎልደር ማመልከት አለባት።

«አይከን ሲበዛ ኮምፒውተር ይንቀራፈፋል»

በሾርትከት ብዛት የተንቀራፈፈ ኮምፒውተር አላየሁም። ዴስክቶፑ ያስጠላል፣ እሱ ሌላ ነገር ነው። የሚከብደው ኮምፒውተሩ ሲነሳ አብረው የሚነሱት የጌም ላውንቸሮች (እንደ ስቲም ያሉ ጌም የሚያስነሱ ፕሮግራሞች) ናቸው። «ታስክ ማናጀር» ውስጥ «ስታርትአፕ» የሚለው ጋ ገብታችሁ ዲስኤብል አድርጓቸው።

«የስቲም ጌም ያለ ኢንተርኔት አይከፈትም»

የስቲም ሾርትከት ከሌሎቹ ትንሽ ትለያለች። ውስጧ ያለው የፎልደር አድራሻ ሳይሆን የጌሙ ቁጥር ነው። ዶታ 2 ቁጥሩ 570 ነው፣ ካውንተር ስትራይክ 2 ደግሞ 730። ፕሮፐርቲሷን ከፍታችሁ ስታዩት ቁጥሩ ተጽፎ ታገኙታላችሁ። ሾርትከቷ ቁጥሩን ለስቲም ትነግራለች፣ ስቲም ጌሙን ያስነሳል። ጥቅሙ፣ በስቲም በኩል ጌሙን ከሲ ወደ ዲ ብታዛውሩትም ሾርትከቷ መሥራቷን አታቆምም። ስቲም ራሱ ከሌለ ግን ዋጋ የላትም። ከጠፋችባችሁም ላይብረሪ ውስጥ ጌሙን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ማኔጅ»፣ ከዚያ «አድ ዴስክቶፕ ሾርትከት» ማለት ነው።

ኢንተርኔቱን በተመለከተ፣ ስቲም ኦፍላይን የሚሠራበት መንገድ አለው። ብቻችሁን የምትጫወቱት ጌም ከሆነ ብዙዎቹ ያለ ኔትወርክ ይከፈታሉ። እንደ ዶታ ከሰው ጋር በኢንተርኔት የሚገጠሙት ግን ኔትወርክ የግድ ነው። እኛ ሰፈር መብራት ሲጠፋ ዋይፋዩም አብሮ ይጠፋል፤ ላፕቶፑ ግን ባትሪ አለው። ስለዚህ ኔትወርክ እያለ ወደ አካውንታችሁ ግቡ፣ አፕዴቱ እስኪያልቅ ጠብቁ፣ ጌሙን አንዴ አስነስታችሁ ዝጉት። ከዚያ ከስቲም ሜኑ «ጎ ኦፍላይን» የሚለውን ምረጡ። መብራቱ ከሄደ በኋላ ወደ አካውንት ለመግባት መሞከር ግን ከንቱ ድካም ነው።