ስለ አውሮፕላን ድብደባ ሰሜን ሸዋ ውስጥ የሚነገሩ ስህተቶች

ሚያዝያ 27 በደረሰ ቁጥር ደብረ ብርሃንም መንዝም ስለ ጣልያን አውሮፕላን ይወራል። መወራቱ ደስ ይለኛል። ግን ያለቁት ወገኖቻችን የደረሰባቸው በትክክል ሊነገርላቸው ይገባል።

«መርዙ ጭስ ነበር፤ ነፋስ ይዞት ይሄዳል»

ጣልያን የተጠቀመችበት መርዝ፣ የሰናፍጭ ጋዝ፣ ስሙ ነው እንጂ ጋዝ የሚባለው፣ ዘይት መሰል ፈሳሽ ነው። በቦምብ ይጣል ነበር፤ ከአውሮፕላንም እንደ ካፊያ ይረጭ ነበር። ሣሩ ላይ ይቀራል፣ ድንጋዩ ላይ ይቀራል። ክፋቱ ደግሞ ወዲያው አያምም። ሰውየው በባዶ እግሩ ረግጦት ያልፋል። ከሰዓታት በኋላ ቆዳው ይቀላል፣ ውኃ ይቋጥራል፣ ዓይኑ ያብጣል። ከብቱም ያንኑ ሣር ይግጣል። ጣልያን ግን ይህን መሣሪያ የሚከለክለውን የ1925 (እ.ኤ.አ.) የጄኔቫ ስምምነት ቀድማ ፈርማ ነበር።

«ዋሻ የገባ ሁሉ ተረፈ»

ዋሻ ከቦምብ ይከልላል፤ መርዝን ግን አምቆ ይይዛል። በሚያዝያ 1931 መንዝ ዘረት ዋሻ ውስጥ አርበኞች ከቁስለኞች፣ ከሴቶችና ከሕፃናት ጋር ተጠልለው ነበር። የጣልያን ጦር ከምድር ሆኖ መርዝ ለቀቀባቸው። እጃቸውን የሰጡትን ወንዶችም ረሸኗቸው። ይህ ታሪክ በየትምህርት ቤቱ ሊነገር ይገባ ነበር።

«ከተማ መደብደብ የተጀመረው ስፔን፣ ጌርኒካ ላይ ነው»

ጌርኒካ የተደበደበችው በ1929 ነው። ደሴ ኅዳር 26 ቀን 1928 ተደብድባ ነበር፤ የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት ሆስፒታል ሳይቀር ተመቷል። ለንደንም በአንደኛው የዓለም ጦርነት ቦምብ ወርዶባታል።

«አብራሪ ያለመውን አይስትም፤ እሱንም የሚነካው የለም»

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት፣ በ1941 (እ.ኤ.አ.)፣ እንግሊዞች የራሳቸውን የሌሊት ድብደባ መረመሩ። ዒላማችንን መታን ካሉት አውሮፕላኖች ከዒላማው በ8 ኪሎ ሜትር ክልል ውስጥ የደረሰው ከሦስት አንዱ ብቻ ነበር። ደብረ ብርሃን መሃል የታለመ ቦምብ ከከተማ ውጭ ገብስ ማሳ ላይ ወደቀ እንደማለት ነው። ሞቱንም ቢሆን፣ እኛ ተዋጊ አውሮፕላን ስላልነበረን ጣልያኖቹ በሰማያችን እንደልባቸው በረሩ። ጀርመን ላይ ግን ከ125 ሺህ ገደማ የእንግሊዝ ቦምብ ጣይ በራሪዎች 55,573ቱ ሞተዋል። ሁሉም በፈቃዳቸው የገቡ፣ አብዛኞቹ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ያሉ ልጆች ነበሩ።

«ከሰማይ የተመታ ሕዝብ ይንበረከካል»

የጀርመን የጦር መሣሪያ ምርት እስከ 1944 (እ.ኤ.አ.) አጋማሽ ድረስ በድብደባ ስር ሆኖ ጨምሯል። የሸዋ አርበኞችም እነ አበበ አረጋይን ይዘው፣ አውሮፕላን እያንዣበበባቸው፣ ጣልያን እስኪወጣ 5 ዓመት ሙሉ ተዋግተዋል።