«ጉድነስ ግሬሸስ ሚ»፦ ቀልዱን የገለበጡት የብሪታንያ ህንዶች

«ጉድነስ ግሬሸስ ሚ» የብሪታንያ ህንዶች ስለራሳቸውም ስለ እንግሊዞችም የሚቀልዱበት የጭውውት ፕሮግራም ነው። እ.ኤ.አ. በ1996 በቢቢሲ ሬዲዮ 4 ተጀመረ። ከ1998 እስከ 2001 ደግሞ በቢቢሲ ሁለት ቴሌቪዥን ታየ። ተዋናዮቹ ሳንጂቭ ባስካር፣ ሚራ ሳያል፣ ኩልቪንደር ጊርና ኒና ዋዲያ ናቸው። ስሙ የመጣው እንግሊዛዊው ኮሜዲያን ፒተር ሴለርስና ጣሊያናዊቷ ተዋናይት ሶፊያ ሎረን በ1960 ካወጡት ዘፈን ነው። ሴለርስ ፈረንጅ ሆኖ ሳለ የህንዳዊ ሐኪም አነጋገር የሚያስመስልበት ነው። እነዚህ ልጆች ስሙን ወሰዱና ቀልዱን ገለበጡት።

መገልበጡ ከሁሉ ያማረው በምግብ ቤቱ ጭውውት ነው። በብሪታንያ አርብ ማታ ጠጥቶ ሞቅ ሲል ህንድ ምግብ ቤት ጎራ ማለት የተለመደ ነው። በጣም የሚያቃጥለውን ያዛሉ፣ ጀግንነት ነዋ! አስተናጋጁንም ያንጓጥጡታል። በጭውውቱ ግን ቦታው ቦምቤይ ነው። ህንዶቹ ላሲ የሚባለውን የእርጎ መጠጣቸውን ሲጠጡ አምሽተው እንግሊዝ ምግብ ቤት ገብተዋል። አስተናጋጁ እንግሊዛዊ ነው፤ ስሙን ያጣምሙበታል። ከዚያ አንዱ ደረቱን ነፍቶ ከሁሉ አልጫ የሆነውን ምግብ ያዛል። ስለ ዘረኝነት አንድም ቃል አይነገርም። አያስፈልግማ።

ለእኔ ግን ከዚህ የሚበልጡት የራሳቸውን ጓዳ የሚነኩት ናቸው። አንዱ አባት የዓለም ነገር ሁሉ የህንድ ነው ባይ ነው። የእንግሊዝ ንጉሣውያን ሳይቀሩ ህንድ ናቸው ይላል። ማስረጃውም አለው፦ ባንድ ቤት ተሰብስበው ይኖራሉ፣ ሁሉም የቤተሰቡን ስራ ይሰራሉ፣ ትዳራቸው በቤተሰብ ምርጫ ነው። ሁሉ ነገር ከእኛ ተጀመረ የሚል አጎት ያለው ሰው ይህን አባት አይስተውም። አንዲት እናት ደግሞ ውጭ የሚሸጥ ነገር ባየች ቁጥር «እኔ ቤት በነጻ እሰራዋለሁ» ትላለች። የሚያስፈልጋት አንድ ትንሽ ደበርጃን ብቻ ነው። የህንድ ስም ያላቸው እነ ካፑር ደግሞ ራሳቸውን በእንግሊዝ ስም «ኩፐር» ብለው ፈረንጅ ነን ይላሉ፤ ሳቁ ላይ ምሬት ያለው እዚህ ጋ ነው። እርግጥ አንዳንዱ አባባል ሲደጋገም ይሰለቻል።

በ2001 ባስካርና ሳያል «ዘ ኩማርስ አት ነምበር 42» ወደሚባለው ፕሮግራም ተሻገሩ። በፕሮግራሙ ኩማር የሚባለው የህንዶች ቤተሰብ ለልጁ ጓሮ ውስጥ ስቱዲዮ ሰርቶለት፣ እውነተኛ ዝነኞች ሶፋው ላይ እየተቀመጡ በእናት፣ በአባትና በአያት ጥያቄ ይፋጠጣሉ። ባስካር ልጁን ሲጫወት፣ ሳያል አያቱን ሆና ትተውናለች። በ2005 ሁለቱ ተጋቡ።