የውጭ ምንዛሪ ክምችት ምንድን ነው? ለምንስ ዝም ብሎ ይቀመጣል?

«የአገሪቱ የውጭ ምንዛሪ ክምችት ይህን ያህል ቢሊዮን ዶላር ደረሰ» የሚል ዜና በተሰማ ቁጥር አንድ ጥያቄ ይነሳል። ይህን ሁሉ ገንዘብ ታቅፎ ከመቀመጥ ለምን መንገድና ሆስፒታል አይሠራበትም? የሞኝ ጥያቄ አይደለም። እንዲያውም መልሱ ከገባን ሌላው ሁሉ ቀላል ነው።

መጀመሪያ ክምችቱ ምን እንደሆነ እንይ። ምድር ቤት የተደረደረ የዶላር ኖት አይደለም። አብዛኛው የሌሎች አገሮች መንግሥታት ያወጡት ቦንድ ነው፤ ቀሪው ውጭ አገር ባንኮች ያለ ተቀማጭ፣ ወርቅ፣ እንዲሁም ዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅት (አይኤምኤፍ) ዘንድ ያለ ድርሻ ነው። ወርቁ ሳይቆጠር ከዓለም ክምችት ከግማሽ በላዩ በዶላር ተይዟል፣ ዩሮ ከሩቅ ይከተላል። ቦንድ የሚመረጠው ለወለዱ ብቻ አይደለም። ቶሎ ይሸጣል። በዚያው ገንዘብ ውጭ አገር ፎቅ ቢገዛበት የተሻለ ያተርፍ ይሆናል፣ ግን መድኃኒትና ነዳጅ የጫነ መርከብ ክፍያ እየጠበቀ ፎቅ ለመሸጥ ገዢ ሲፈለግ አይታያችሁም?

አሁን ወደ ጥያቄው። ዶላሩ ማዕከላዊ ባንክ የገባው በነፃ አይደለም። አንድ ላኪ ዕቃውን ውጭ ሸጦ 1 ሚሊዮን ዶላር አገኘ እንበል። ለሠራተኞቹ ደሞዝ የሚከፍለው በአገሩ ገንዘብ ስለሆነ ዶላሩን ለባንኩ ይሸጣል፣ ባንኩ ደግሞ ለማዕከላዊ ባንክ። ማዕከላዊ ባንኩ በምን ይገዛዋል? አዲስ የአገር ውስጥ ገንዘብ ፈጥሮ ነው። ዶላሩ ወደ ክምችቱ ገባ፣ በምትኩ የወጣው ገንዘብ ደግሞ ገበያ ውስጥ እየዞረ ነው። መንግሥት ያንኑ ዶላር ወስዶ መንገድ ልሥራበት ቢል፣ የመንገድ ሠራተኛም የሚፈልገው የአገሩን ገንዘብ ነውና ዶላሩ ተመልሶ ማዕከላዊ ባንክ ይመጣል፤ ለዚያው ዶላር ሁለተኛ ጊዜ ገንዘብ ሊፈጠር ነው ማለት ነው። አንዱን ዶላር ሁለት ጊዜ መብላት። ከዚያ ዋጋ ይንራል። በዶላሩ ከውጭ ማሽን ቢገዛበት ይህ ችግር አይመጣም፣ ግን ክምችቱ በዚያው ልክ ጎደለ።

እና ለምን ይያዛል? አንዱ ምክንያት ግልጽ ነው፤ ወጪ ንግዱ ቢቀዘቅዝ ወይም አበዳሪ ፊቱን ቢያዞር ገቢ ዕቃና የውጭ ዕዳ የሚከፈልበት ይኑር ነው። የድሮው መለኪያ ቢያንስ የ3 ወር የገቢ ዕቃ ወጪ ይሸፍን ይላል። ሌላው መለኪያ በአንድ ዓመት ውስጥ የሚከፈለውን የውጭ ዕዳ ሙሉ በሙሉ ይሸፍን የሚለው ነው። ለእኔ ሁለተኛው ይበልጥ ሚዛን የሚደፋ ነው፣ ምክንያቱም አገር ብዙ ጊዜ የሚወድቀው ስንዴ መግዛት አቅቶት ሳይሆን አበዳሪዎች ሁሉ በአንድ ቀን በር ሲያንኳኩበት ነው።

ሌላው ምክንያት የምንዛሪ ተመንን መከላከል ነው። የአገሩ ገንዘብ ሲወድቅ ማዕከላዊ ባንኩ ዶላር ሸጦ የራሱን ገንዘብ ይገዛል። እዚህ ላይ አንድ የማይመጣጠን ነገር አለ። ገንዘቡ ከመጠን በላይ እንዳይጠነክር የሚታገል ባንክ የራሱን ገንዘብ እንደልቡ ይፈጥራል፤ የስዊዘርላንድ ማዕከላዊ ባንክ ከ2011 እስከ 2015 መጀመሪያ 1 ዩሮ ከ1.20 ፍራንክ በታች እንዳይወርድ ያደረገው እንዲሁ ነው (ቀኖቹም ዓመቶቹም ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የሚወድቅ ገንዘብ የሚደግፍ ባንክ ግን ዶላር ማተም አይችልም። ያለው ሲያልቅ አለቀ።

ታይላንድ በ1997 የገጠማት ይኸው ነበር። ገንዘቧን ባትን በ1 ዶላር ወደ 25 ገደማ አስራ ይዛ ነበር። ነጋዴዎች ይወድቃል ብለው ሲረባረቡባት ማዕከላዊ ባንኳ ያደረገው ዶላሩን ወዲያው አውጥቶ መሸጥ ሳይሆን «በኋላ አስረክባለሁ» በሚል ውል መሸጥ ነበር። ስለዚህ ለሕዝብ የሚነገረው ቁጥር ከ30 ቢሊዮን ዶላር በላይ ሆኖ ቀጠለ። ቃል የተገባበት ሲቀነስ ግን የቀረው 3 ቢሊዮን እንኳ አይሞላም። ሐምሌ 2 ባት ከታሰረበት ተመን ተለቀቀ፤ ጥር 1998 ላይ 1 ዶላር ከ50 ባት አልፎ ነበር።

ስለዚህ ጠቅላላው ቁጥር ብቻውን ብዙም አይነግርም። ዕዳው ሲቀነስ ስንት ይቀራል? ከቀረውስ ዛሬ ሊወጣ የሚችለው ስንቱ ነው? ደቡብ ኮሪያ በዚያው ዓመት ክምችቷን በከፊል በራሷ ባንኮች የውጭ ቅርንጫፎች ዘንድ አስቀምጣ ነበር፤ ቅርንጫፎቹ ራሳቸው ተበዳሪ ሆነው መመለስ አቃታቸው። ስሪላንካ በ2022 የውጭ ዕዳ መክፈል ስታቆም በመዝገቧ ላይ ከቻይና ያገኘችው 1.5 ቢሊዮን ዶላር ገደማ የሚሆን ዩዋን ነበር፣ ግን ውሉ ባስቀመጠው ቅድመ ሁኔታ ምክንያት ልትነካው አልቻለችም። የገንዘብ ሚኒስትሩ ያን ጊዜ እጅ ላይ ያለው ከ50 ሚሊዮን ዶላር በታች ነው አሉ። ሚሊዮን ነው፣ ቢሊዮን አይደለም።

በነገራችን ላይ አሜሪካ ራሷ የውጭ ምንዛሪ ብዙም አታከማችም። ዕዳዋም ግዢዋም በዶላር ነው፣ ዶላሩ ደግሞ የሷው ነው። ከ8,000 ቶን በላይ ወርቅ ግን አላት።

ወርቅ ካነሳን፣ በ2022 የሩሲያ ክምችት ግማሽ ያህሉ፣ ወደ 300 ቢሊዮን ዶላር፣ ምዕራባውያን ዘንድ ታግዶ ቀረ። የሌላ አገር ቦንድና ተቀማጭ መያዝ ማለት ያ አገር «አልከፍልህም» ሊል ይችላል ማለት መሆኑን ሁሉም አየ። ከዚያ ዓመት ጀምሮ እስከ 2024 የዓለም ማዕከላዊ ባንኮች በየዓመቱ ከ1,000 ቶን በላይ ወርቅ ገዝተዋል። ወርቅ ወለድ አይከፍልም፣ ዋጋው ይዋዥቃል፣ በአንድ ሌሊት ብዙ ልሽጥ ብትል ዋጋውን ታወርዳለህ። በራስህ ካዝና ካለ ግን ማንም ከሩቅ ሆኖ አያግድብህም።