ከሞዛርት ሥራዎች ጎን ያለው «ኬ» ምንድን ነው?

«ኬ. 550» የሚለው የደረጃ ቁጥር ነው ወይስ በሙዚቃ ሥራዎች ላይ ከሚጻፈው «ኦፐስ» ከሚባለው ቁጥር ጋር አንድ ነው ብላችሁ ደጋግማችሁ ጠይቃችኋል። ሁለቱም አይደለም።

የሙዚቃ ደራሲው ሞዛርት እ.ኤ.አ. በ1791 ሲሞት ከስድስት መቶ በላይ ሥራዎች ትቶ ነበር፤ ሁሉንም የሚያካትት ወጥ ቁጥር ግን አልነበራቸውም። ሉድቪግ ፎን ኮኸል የተባለ ኦስትሪያዊ በተጻፉበት ቅደም ተከተል ደርድሮ በ1862 አሳተማቸው። «ኬ» (K) የእሱ ስም (Köchel) መነሻ ፊደል ናት። የመጨረሻው ቁጥር፣ 626፣ ሳይጨርሰው የሞተው የሙታን ቅዳሴ ነው።

ጥቅሙ በምሳሌ ይታያል። ሞዛርት በተመሳሳይ ቅኝት፣ በጂ ማይነር፣ ሁለት ሲምፎኒዎች (ለኦርኬስትራ የተጻፉ ረጅም ሥራዎች) አሉት። ኬ. 183ን በ1773 የ17 ዓመት ልጅ ሆኖ ጻፈው፤ ኬ. 550ን በ1788። ስለዚህ ስትፈልጉ በቁጥሩ ፈልጉ፤ እኔ ከርዕስ ይልቅ ቁጥሩን አምናለሁ።

ኦፐስ በላቲን «ሥራ» ማለት ነው። ቁጥሩ ብዙውን ጊዜ የሚከተለው የኅትመትን ጊዜ ነው። የሌላው የሙዚቃ ደራሲ የቤትሆቨን ሁለተኛ የፒያኖ ኮንቸርቶ፣ ማለትም ፒያኖ ከኦርኬስትራ ጋር የሚጫወትበት ሥራ (ኦፐስ 19)፣ በአብዛኛው የተጻፈው ከአንደኛው (ኦፐስ 15) በፊት ነው፤ ዘግይቶ ስለታተመ ብቻ ሁለተኛ ተባለ።

ፊደሏ የማን ዝርዝር እንደሆነ መናገሯ እርግጥ ነው። የጊዜ ቅደም ተከተሉ ግን ሊለወጥ ይችላል፦ ተመራማሪዎች የኮኸልን ዝርዝር ስላረሙት አንዳንድ ሥራ ሁለት ቁጥር ይዞ ታገኙታላችሁ። የሙዚቃ ደራሲው የባኽ ሥራዎች ዝርዝር ደግሞ የተደረደረው በሥራው ዓይነት ስለሆነ ቁጥሩ ስለ ዕድሜው ምንም አይነግራችሁም።