«የተገዛው ያምራል» እና ሌሎች ስለ ገና ጌጥ የሚወሩ ነገሮች

ታኅሣሥ ሲገባ ደሴ ላይ ሁለት ነገር ይበዛል፤ ብርድና የገና ዕቃ። ፒያሳ ስታልፉ ሱቁ ደጃፍ ላይ ብልጭልጩ ተንጠልጥሏል፣ ልጆቹ እጃችሁን ይጎትታሉ፣ እናንተ ዋጋ ትጠይቁና ምንም እንዳልሰማ ሰው መንገዳችሁን ትቀጥላላችሁ። እኔም ከአራት ዓመት በፊት እንደዚያ አልፌ ቤት ከገባሁ በኋላ «ለምን እኛው አንሠራውም?» አልኳቸው። ትልቋ ያኔ 6 ዓመቷ ነበር፣ ትንሹ 3። ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ እንሠራለን። ምክር ሰጪ ደግሞ አይጠፋም፤ ጎረቤት፣ ዘመድ፣ የስልክ ቪዲዮ። ግማሹ ምክር ልክ አይደለም። አንዳንዱን እኔም አምኜ ሞክሬው ከስሬበታለሁ።

«ትክክለኛው ጌጥ የሚገዛው ነው»

ይህን ያለችኝ ኮምቦልቻ የምትኖረው እህቴ ናት። ነገሩ ግን የተገላቢጦሽ ነው። የገና ዛፍ ልማድ ከጀርመን አካባቢ የመጣ ነው። በፈረንጆች 1605 የስትራስቡርግን ከተማ ያየ አንድ መንገደኛ፣ ሰዎቹ ሳሎናቸው ውስጥ ጥድ አቁመው ከባለ ቀለም ወረቀት የተሠራ ጽጌረዳ፣ ፖም፣ ስስ ቂጣና ስኳር እንደሚሰቅሉበት ጽፏል። የመስታወት ኳሱ ከዚያ ሁለት መቶ ዓመት አልፎ ነው የመጣው። ላውሻ በምትባል የጀርመን ከተማ መስታወት በትንፋሽ እየነፉ የሚሠሩ ባለሙያዎች በ19ኛው ክፍለ ዘመን አስፋፉት። ቀድሞ የነበረው ወረቀትና የሚበላ ነገር ነው፤ እሱ ደግሞ ሁላችንም ቤት አለ። እኛ ዘንድ ዛፉ ራሱ የቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ስላልሆነ «ጌጡ እንዲህ መሆን አለበት» የሚል ሕግም የለም።

«ለጨው ሊጥ ኦቨን የግድ ነው»

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው ተስፋ የሚቆርጠው እዚሁ ጋ ነው። የጨው ሊጥ ማለት 2 ብርጭቆ የፉርኖ ዱቄት፣ 1 ብርጭቆ ጨው፣ ከዚያ ውሃ። ውሃውን አንዴ አትገልብጡት። ከሦስት ሩብ ብርጭቆ ጀምሩና ሊጡ እጅ ላይ መጣበቁን እስኪተው ድረስ በጥቂት በጥቂቱ ጨምሩ፤ አብዛኛውን ጊዜ አንድ ብርጭቆ ሳይሞላ ይበቃል። ግማሽ ሳንቲ ሜትር ያህል ውፍረት እስኪኖረው በጠርሙስ ዳምጡት፣ በስኒ አፍ ወይም በቆርኪ ቁረጡት፣ ክር የሚገባበትን ቀዳዳ በስትሮ ብሱ። ቀዳዳው ከምትፈልጉት ትንሽ ይስፋ፤ ሲደርቅ ይጠብባል። ደግሞ አሁኑኑ ብሱት። ከደረቀ በኋላ ልብሳ ካላችሁ ለሁለት ይከፈላል፣ ልጅ ያለቅሳል፣ ቀኑ ተበላሸ ማለት ነው።

ኦቨን ያለው በዝቅተኛ ሙቀት፣ 100 ዲግሪ አካባቢ፣ ሁለት ሦስት ሰዓት ያቆየዋል። እኔ ኦቨን የለኝም። ታኅሣሥ እዚህ ሌሊቱ አጥንት ይሰብራል እንጂ ቀኑ ደረቅና ፀሐያማ ነው፤ ሰፌድ ላይ ደርድሬ ፀሐይ አሰጣዋለሁ፣ ማታ አስገባዋለሁ። አራት አምስት ቀን ይፈጃል። በየቀኑ ማገላበጥ ግን ግዴታ ነው። አንድ ወገኑ ብቻ ከደረቀ እንደ ቆዳ ጥቅልል ይላል። እህቴ የዛሬ ሁለት ዓመት ሐሳቧን ቀይራ ስትጀምር የሷ ከኔ ቀድሞ ደረቀ፤ ወደ ኮምቦልቻ የሚወስደውን የሐረጎን ቁልቁለት ከወረዳችሁ በኋላ አየሩ ሌላ ነው መቼም። እንጀራ ከተጋገረ በኋላ ምጣዱ በረድ ሲል ጌጡን እላዩ ላይ ማሳደርም ይሠራል። የጋለ ምጣድ ላይ ግን እንዳታደርጉት! የመጀመሪያው ዓመት ቸኩዬ አደረግሁት፣ ኮከቦቹ በሙሉ እንደ አምባሻ አበጡ።

ሦስት ነገር ልጨምርና ከሊጡ ልውጣ። እርሾ ወይም ቤኪንግ ፓውደር «እንዲለሰልስ» ብላችሁ አትጨምሩ፤ የምንፈልገው እንዳይነፋ ነው። ጨዉ ደቃቅ ይሁን። ሻካራውን «ውሃው ያሟሟዋል» ይላሉ፤ አያሟሟውም። 100 ሚሊ ሊትር ውሃ 36 ግራም አካባቢ ጨው ነው የሚያሟሟው፤ እናንተ የጨመራችሁት ከዚያ በብዙ ይበልጣል፣ የተረፈው እንደ ጠጠር ጌጡ ፊት ላይ ይቀራል። ውቀጡት። ለቀለም ደግሞ እርድ ጥሩ ቢጫ ይሰጣል፣ የወፍራም ቡና ውሃ ቡናማ ያደርጋል። በርበሬ ቀዩ ያምራል ብላችሁ ከልጅ ጋር አታቡኩ። ዓይን የሚባል ነገር አለ። ሌላ አልልም።

«ዱቄትና ጨው ነው፣ ቢበላውም ምንም አይለው»

ይቺኛዋ አደገኛ ናት። ሊጡ መርዝ የለውም፣ እውነት ነው፤ ጨው ግን ከልክ ሲያልፍ ለትንሽ ልጅ ሰውነት ከባድ ነው። እዚህ ሊጥ ውስጥ ያለው ጨው የወጥ ጨው እንዳይመስላችሁ፣ የዱቄቱን ግማሽ ነው። ጥሬ ዱቄትም ቢሆን ከጀርም የጸዳ አይደለም፤ ስለዚህ ከጨረሱ በኋላ እጅ በሳሙና። አንድ ቁራሽ የቀመሰ ልጅ ራሱ ይተፋዋል፤ የኔው ትንሹ ተፍቶት ፊቱን ያጨማደደበት ፎቶ አለኝ። ውሻ ግን አይተፋም፣ ዝም ብሎ ይውጠዋል፣ ብዙ ከበላ ሊገድለው ይችላል። ግቢ ውስጥ ውሻ ካለ ሰፌዱን ከፍ አድርጉ።

«ስንደዶና አክርማ ለመሶብ ነው»

ወሎ ተቀምጠን ይህን ማለት ያሳፍራል። የሰሜን አውሮፓ ሰዎች በገለባ ኮከብ ገና የሚያደምቁ ከሆነ እኛ ስንደዶ ይዘን ምን ያንሰናል? እኔ ግን ደረቁን ለማጠፍ ስታገል ዋልኩ፣ እየተሰበረ አስለቀሰኝ። ገበያ ላይ አክርማ የሚሸጡ እናት ነገርኳቸውና ሳቁብኝ። «አይ ልጄ፣ ደረቅ አክርማ ማን ያጥፋል? አርሺው እንጂ!» ውሃ ውስጥ ይዘፈዘፋል፣ ይለሰልሳል፣ ከዚያ እንደፈለጋችሁ ነው። ለልጅ ቀላሉ ኮከብ ይሄ ነው፤ አራት እኩል ስንደዶ ቆርጣችሁ መሐላቸው ላይ አጣምራችሁ በቀይ ክር ታስራላችሁ፣ ጫፎቻቸውን ታስተካክላላችሁ፣ አለቀ። ወስፌው ከእናንተ እጅ አይውጣ። ባለ ቀለም አክርማ ከገዛችሁ ቀለሙ እጅ ላይ ስለሚለቅ ነጭ ልብስ አውልቁላቸው።

ፈንዲሻ በክር ስትሰኩ «ትኩሱ ይሻላል» የሚሉትን አትስሙ። ትኩሱ መርፌ ሲነካው ይፈረካከሳል። የትናንቱ፣ ቡና ላይ የተረፈው፣ ትንሽ እርጥበት ስለሚገባው ሳይሰበር ይበሳል። ሽምብራም ሌሊቱን ዘፍዝፋችሁት ካደረ እንደ ዶቃ ይሰካል፣ ሲደርቅ ጠጥሮ ይቀራል። አንዷ ፍሬ አፍንጫ ውስጥ እንዳትገባ ግን ትንንሾቹን በዓይናችሁ ያዟቸው።

«የእንቁላል ቅርፊት በጾም ከየት ይመጣል?»

ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ጾመ ነቢያት ኅዳር 15 ይገባል፣ ገና እስኪደርስ የጾመኛ ቤት እንቁላል አይሰበርም። መልሱ ቅበላ ነው። ኅዳር 14 እንቁላሉን ስትሠሩ ከላይና ከታች በመርፌ በስታችሁ ውስጡን በትንፋሽ አውጡት፣ ባዶውን በሳሙናና በሙቅ ውሃ እጠቡት። «ቅርፊት ነው፣ ምን አለው» ብላችሁ ሳታጥቡ ለልጅ አትስጡ፤ ተቅማጥ የሚያመጣ ጀርም ላዩም ላይ አለ።

«ሱፐር ግሉ ቶሎ ይይዛል»

ይይዛል፤ ጣትም ይይዛል። ብዙ ሰው የማያውቀው ደግሞ ጥጥ ላይ ሲፈስ ይግላል፣ እስከ ማቃጠል ድረስ። በግ ሠርታችሁ ጸጉሩን በጥጥ ልታለብሱ ከሆነ ይህችን አስታውሱ። ለወረቀትና ለጥጥ ነጩ ኮላ ይበቃል። እሱም ከሌለ ሁለት ማንኪያ ዱቄት በአንድ ብርጭቆ ውሃ በጥብጣችሁ እስኪወፍር አማስሉት። በኛ ጊዜ ደብተር የምንለጥፈው በምን ነበር?

«ዛፉ ሙሉ ጥድ ካልሆነ አያምርም»

የሐበሻ ጥድ ለማደግ ብዙ ዓመት ይፈጅበታል፤ ለሁለት ሳምንት ብሎ አንዱን ከግንዱ መቁረጥ እኔ አይዋጥልኝም። አጥር ሲከረከም የወደቀ የፈረንጅ ጥድ ቅርንጫፍ አሸዋ በተሞላ ባልዲ ውስጥ ሲቆም ለልጅ ሙሉ ዛፍ ነው። ቅርንጫፉ ሲደርቅ ግን ዘይት እንደነካው ጭራሮ ነው የሚነደው። ስለዚህ ሻማ አይሰቀልበትም፣ «አንዴ ፎቶ ልንነሳ ነው» ብሎ ነገር የለም። ፈረንጆቹም ድሮ እውነተኛ ሻማ ይሰቅሉ ነበር፣ ቤት እያቃጠለ አስተዋቸው። የኛ ቤት አደጋ ደግሞ የቡናው ከሰልና የዕጣኑ ማጨሻ ነው፤ ረከቦቱንና ዛፉን አንድ ጥግ አታድርጓቸው።

ወሎ ስለሆንን ሌላም ጥያቄ ይነሳል። «የሙስሊም ጎረቤት ልጆች ሲመጡ ሊጡን መደበቅ ነው?» ኧረ ምን ሲደረግ! እናትየውን ቀድማችሁ ጠይቋት፣ በቃ። ጎረቤቴ «ጭቃ ከሚያቦኩ ሊጥ ያቡኩ» ብላ ሰደደቻቸው። ልጇ ኮከብ አልሠራችም፤ የስሟን የመጀመሪያ ፊደል ሠርታ ወደ ቤቷ ወሰደች፣ እስከ ዛሬ ግድግዳቸው ላይ አለ።

«ልጆች ያበላሹታል፣ አዋቂ ማስተካከል አለበት»

እዚህ ላይ ጥፋተኛዋ እኔ ነኝ። ትንሹ 4 ዓመት ሲሆነው በግ ሠራ። በግ ነው ያለው እሱ ነው፤ እኔ ያየሁት ሦስት እንጨት የተሰካበት ድንች ነው። ሲተኛ ቀስ ብዬ ጭንቅላት አወጣሁለት፣ አራተኛ እግር ጨመርኩለት፣ ጆሮ ሳይቀር። ጠዋት ሰፌዱን ሲያይ «የኔ በግ የት ሄደ?» አለ። ይኸው ነው እያልኩ ባሳየውም «ይሄ ያንቺ ነው» ብሎ እስከ ምሳ አኮረፈ። አዲስ አቦካን። ሁለተኛውም በግ ሦስት እግር ነው። ከዚያ ወዲህ መቀሱንና መርፌውን እኔ እይዛለሁ፣ ቅርጹ የነሱ ነው።

«አንዴ ከደረቀ አይበላሽም»

የመጀመሪያውን ዓመት ጌጥ ከጥምቀት በኋላ በፌስታል ቋጥሬ ቁም ሳጥን ላይ ወረወርኩት። ክረምቱ መጣ፣ የደሴ ጉም እንደምታውቁት በር አንኳኩቶ አይገባም። ጨው እርጥበት ይስባል፤ በመስከረም ፌስታሉን ስፈታው ኮከቦቹ ረጥበው፣ ለስልሰው፣ እርስ በርስ ተጣብቀው አንድ ትልቅ ሊጥ ሆነዋል። አሁን የምናደርገው እንዲህ ነው፤ ሙሉ በሙሉ ሲደርቅ ልጆቹ በሌሉበት በረንዳ ላይ ሁለቱንም ወገን ቫርኒሽ እቀባዋለሁ፣ ቀዳዳዋን ጭምር፣ ምክንያቱም እርጥበቱ የሚገባው ባልተቀባው በኩል ነው። ከዚያ አንድ በአንድ በጋዜጣ ይጠቀለልና ክዳኑ ጥብቅ ባለ የወተት ቆርቆሮ ውስጥ ይገባል፣ ከሥሩ አንድ እፍኝ ደረቅ ሩዝ በጨርቅ ተቋጥሮ። የስንደዶውን ለብቻው በካርቶን፣ ፈንዲሻውን ደግሞ ለወፍ። ፈንዲሻ ያስቀመጠ ሰው አይጥ ጋብዟል።

በጉ ሦስት ክረምት ከቆርቆሮው ወጥቷል። ባለፈው ዓመት ስንፈታው አንድ እግሩ ወድቆ አገኘነውና ልንለጥፍለት ብንል ትንሹ አልፈቀደም። ድሮም ሁለት ነበር ይላል።