መሻር ምንድን ነው? ስለ ሽረት፣ ስረዛ፣ እገዳና ግፈፋ

በጋዜጣ የኋላ ገጾች፣ ከጨረታ ጥሪና ከፍርድ ቤት መጥሪያ መካከል፣ እንዲህ የምትል አጭር ማስታወቂያ አትታጣም፦ «ለአቶ እገሌ ሰጥቼው የነበረውን ሙሉ ውክልና የሻርኩ ስለሆነ፣ ከዛሬ ጀምሮ በዚህ ውክልና የሚፈጽመው ማንኛውም ተግባር ተቀባይነት የሌለው መሆኑን አስታውቃለሁ።» ብዙ ሰው ሳያነባት ገጹን ይገልጣል። መሻር የሚለው ቃል በሕግ ቋንቋ የተሸከመው ነገር ግን ከሞላ ጎደል በዚህች ማስታወቂያ ውስጥ አለ።

ለመሻር ቀድሞ የተሰጠ ነገር መኖር አለበት፤ ያልተሾመ አይሻርም። የሚሽረውም ሰጪው ራሱ ነው፣ አለዚያም ሕግ በሰጪው ቦታ ያቆመው አካል። ከሁሉ በላይ ግን ሽረት የሚሄደው ወደ ፊት ነው። «ከዛሬ ጀምሮ» የተባለው ለማሳመር አይደለም። ተወካዩ ትናንት በደንቡ የሸጠው መኪና ተሽጧል፤ ዛሬ ውክልናው መሻሩ ገዢውን መኪናውን አያስመልሰውም። ትናንት የተደረገውን ማፍረስ የሚፈልግ ሰው የሚጠይቀው ሌላ ነገር ነው፦ ውሉ ፈራሽ እንዲባል፣ እንዳልነበረ እንዲቆጠር። ሁለቱን እያምታቱ ፍርድ ቤት የሚመላለሱ ሰዎች ጥቂት አይደሉም።

ነገሩ ለምን በጋዜጣ ይወጣል? በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ወካዩ ውክልናውን በፈለገው ጊዜ መሻር ይችላል፤ ምክንያት አቅርብ የሚለው የለም። ነገር ግን የውክልናውን ወረቀት ከተወካዩ እጅ ካላስመለሰ፣ ወይም ውክልና መስጠቱን ያሳወቃቸውን ሰዎች መሻሩንም ካላሳወቀ፣ ተወካዩ በዚያ ወረቀት ለሠራው ሥራ ከኃላፊነት ላያመልጥ ይችላል። ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ተቀምጦ አዲስ አበባ ላለ ቤቱ ለወንድሙ ውክልና የላከ ሰው ይህን ልብ ቢል ይበጀዋል። በስልክ ተቆጥቶ «ሽሬሃለሁ» ማለት የቤተሰብ ጠብ ይሆናል እንጂ ወረቀቱን አያመክነውም። ሽረቱም እንደ ውክልናው በጽሑፍ ሆኖ፣ ተረጋግጦ፣ ውክልናው ከተመዘገበበት ጽሕፈት ቤት መድረስ ይኖርበታል።

ቃሉ ከቢሮ ውጭም ሰፊ ነው። ጾም ይሻራል፣ ሰንበት ይሻራል፣ ቃል ኪዳን ይሻራል፣ ኑዛዜ ይሻራል። ቤተ ክርስቲያን የሚያዘወትር ሰው ደግሞ ከማቴዎስ ወንጌል ያውቀዋል፤ ክርስቶስ ሕግን ሊፈጽም እንጂ ሊሽር እንዳልመጣ የተናገረበት ቦታ ነው። እዚያ የመሻር ተቃራኒ መፈጸም ነው። በመንግሥት ቤት ግን ተቃራኒው መሾም ነው፤ ሁለቱ ሲጣመሩ «ሹም ሽር» የሚለውን ስም ይሰጡናል። ነጋሪት ጋዜጣ የሚከታተል ሰው ቃሉን በየአዋጁ መጨረሻ አካባቢ ያገኘዋል፤ «የተሻሩ ሕጎች» የምትል አንቀጽ የማታጠልቅ አዋጅ ጥቂት ናት። በ2001 የወጣው የፀረ ሽብርተኝነት አዋጅ ቁጥር 652 በ2012 በወጣው አዋጅ ቁጥር 1176 የተሻረው በእንዲህ ያለ አንቀጽ ነው።

ለሹመት ምርቃት አለን፤ «ሹመት ያዳብር» እንላለን። ለተሻረ ሰው የሚባል ምርቃት እኔ አልሰማሁም፤ ያለን ተረት ነው፦ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል።» ምርቃት ከመጥፋቱም በላይ ዛሬ ዛሬ ቃሉ ራሱ ከመንግሥት መግለጫ እየጠፋ ነው። ባለሥልጣን ተሻረ አይባልም፤ «ወደ ሌላ ኃላፊነት ተዛወረ»፣ «በክብር ተሰናበተ»፣ ወይም በአምባሳደርነት ተሾመ ይባላል። አንባቢው ግን ሞኝ አይደለም፤ አምባሳደርነቱን ሲሰማ ሽረቱን ይሰማል።

ሽረት ብዙ ጎረቤቶች አሉት፤ በዜና ላይ እንደ ልብ ሲለዋወጡም ይታያሉ። ማገድ የጊዜ ነው። የንግድ ፈቃዱ የታገደ ነጋዴ ጉድለቱን ሲያስተካክል እገዳው ይነሳለታል፤ የተሰረዘበት ግን ከመዝገቡ ወጥቷል። የንግድ ምዝገባ ሕጋችንም እገዳንና ስረዛን ለያይቶ ነው የሚያያቸው። መግፈፍ ለማዕረግ ነው፤ ወታደሩ ከትከሻው ላይ ምልክቱ ሲነሳ ውርደቱ በሰው ፊት እንዲሆን የታሰበ ነውና ቃሉም የቆዳና የልብስ ቃል ሆነ። ማንሳት ከሁሉም አስቸጋሪው ነው። «እገዳው ተነሳ» የምሥራች ነው፤ «ከኃላፊነት ተነሳ» መርዶ ነው፤ «ያለመከሰስ መብቱ ተነሳ» ደግሞ ሌላ ነገር ነው።

በዚህ የመጨረሻው ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነውና። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 54 የተወካዮች ምክር ቤት አባል እጅ ከፍንጅ ካልተያዘ በስተቀር ያለ ምክር ቤቱ ፈቃድ እንደማይያዝና በወንጀል እንደማይከሰስ ይደነግጋል። ምክር ቤቱ ይህን ጥበቃ ሲያነሳ ለዐቃቤ ሕግ በሩን ከፈተለት ማለት ነው፤ ሰውየውን ከወንበሩ አላስነሳም። አባልነቱ እንዳለ ነው፤ ጥፋተኛም አልተባለም። አባልነትን ማጣት በዚያው አንቀጽ ሌላ መንገድ አለው፤ የመረጠው ሕዝብ አመኔታውን ሲያነሳበት ነው። እንግዲህ «መብቱ ተነሳ» የሚለውን ሰምቶ «ከፓርላማ ተባረረ» ብሎ ለጎረቤቱ የሚያወራ ሰው ሁለት ሽረቶችን አንድ አድርጓል።

ሰጪው ይሽራል የሚለው ደንብ ልጓም የሚገባለት ቦታም አለ። የፌዴራል ዳኞችን የሚሾመው የተወካዮች ምክር ቤት ነው፤ ነገር ግን ስለሾማቸው ብቻ ደስ ባለው ቀን አያነሳቸውም። በአንቀጽ 79 መሠረት መጀመሪያ የዳኞች አስተዳደር ጉባኤ በዲሲፕሊን ጥሰት፣ በጉልህ የሥራ ችሎታና ቅልጥፍና ማነስ ወይም በሕመም ምክንያት መወሰን አለበት፤ ምክር ቤቱ ከዚያ በኋላ በአብላጫ ድምፅ ያጸድቃል። በየቀኑ ሊሻር የሚችል ዳኛ ሲፈርድ የሚያየው ፋይሉን ሳይሆን ሿሚውን ነው።

ቃላቱ በቅርቡ ምን ያህል ክብደት እንዳላቸው የታየው በሕወሓት ጉዳይ ነው። የፖለቲካ አቋሙ ያለውም የሌለውም ጉዳዩን እንደ ሕግ ጥያቄ ቢያየው ይጠቅመዋል። ምርጫ ቦርድ በጥር 2013 የፓርቲውን ምዝገባ ሰረዘ፤ በዚያው ዓመት ሚያዝያ መጨረሻ ምክር ቤቱ በአሸባሪነት ሰየመው። ከፕሪቶሪያው ስምምነት በኋላ፣ በመጋቢት 2015፣ ስያሜው ተነሳ። ብዙዎች በዚህ ሁሉም ነገር ወደ ቦታው የተመለሰ መሰላቸው። አልተመለሰም፤ የሽብር ስያሜና የፓርቲ ምዝገባ የተለያዩ መዝገቦች ናቸው፣ አንዱ ሲነሳ ሌላው በራሱ ጊዜ አይነሳም። ፓርቲው የጠየቀው ስረዛው እንዲሻርና የቀድሞ ሕጋዊ ሰውነቱ እንዲመለስ ነበር። ቦርዱ የተሰረዘን ፓርቲ የምመልስበት የሕግ ድንጋጌ የለኝም አለ። በ2016 የፓርቲዎች ምዝገባ አዋጁ ተሻሽሎ በልዩ ሁኔታ መመዝገብ የሚቻልበት መንገድ ሲከፈት፣ በነሐሴ ወር ቦርዱ በዚያ መንገድ መዘገበው፤ ፓርቲው ግን የጠየቅሁት አዲስ ምዝገባ ሳይሆን የቀድሞው እንዲመለስልኝ ነው ብሎ ተከራከረ። በግንቦት 2017 ቦርዱ ጠቅላላ ጉባኤ አላካሄደም በሚል እንደገና ሰረዘው። ውጭ ሆኖ ለሚመለከት ሰው «መመለስ» እና «እንደ አዲስ መመዝገብ» የቃላት ጨዋታ ይመስላል። አይደለም፤ አንደኛው ከትናንት ጋር ያያይዛል፣ ሁለተኛው ከዛሬ ይጀምራል።

የሽረት ታሪካችን ትልቁ ምሳሌ የልጅ ኢያሱ ይመስለኛል። ዳግማዊ ምኒልክ በ1901 ልጅ ኢያሱን አልጋ ወራሽ አድርገው ሲያሳውጁ አዋጁ በግዝት የታሰረ ነበር። መስከረም 17 ቀን 1909፣ በመስቀል ዕለት፣ የሸዋ መኳንንት ተሰብስበው ልጅ ኢያሱን ለመሻር ሲነሱ ሰውየው ሐረር ነበሩ። መኳንንቱን የያዛቸው ግን ከሐረር የሚመጣ ጦር ብቻ አልነበረም፤ መሐላቸውም ነበር። አቡነ ማቴዎስ ከመሐላው እንዲፈቷቸው አስፈለገ፤ ፈቷቸው። ከዚያ በኋላ ነው ዘውዲቱ ንግሥት፣ ተፈሪ ደግሞ አልጋ ወራሽ ተብለው የተሰየሙት። ማለትም ሹመቱ በሁለት ገመድ ስለታሰረ ሽረቱም ሁለት ገመድ መፍታት ነበረበት፤ አንዱን መኳንንቱ፣ ሌላውን ጳጳሱ። የልጅ ኢያሱ አባት ንጉሥ ሚካኤል ይህን ሽረት አልተቀበሉም፤ ነገሩ ጥቅምት 17 ቀን ሰገሌ ላይ በጦርነት ተዘጋ። ልጅ ኢያሱ ዘውድ ጭነው አያውቁም ነበርና፣ ያልነገሠ ሰው ከምን ወረደ ማለት ይቻላል የሚል ጥያቄ ለነገር አዋቂ ይቀራል።

የመስከረም 2 ቀን 1967ቱ ደግሞ ሌላ ትምህርት አለው። ደርግ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን በኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት አዋጅ አንብቦ በቮልስዋገን ወሰዳቸው፤ ሁሉም የሚያስታውሰው መኪናዋን ነው። ብዙ ሰው የማያስታውሰው ግን በዚያ ቀን ዘውዱ አለመሻሩን ነው። አዋጁ አልጋ ወራሹ መርዕድ አዝማች አስፋ ወሰን እንዲነግሡ ይል ነበር። ዘውዱ ራሱ የቀረው ከወራት በኋላ፣ በመጋቢት 1967፣ በሌላ አዋጅ ነው። በመስከረም ባለ ወንበሩ ወረደ፤ በመጋቢት ወንበሩ ተሰበረ። ከወንበሩ የወረደ ሊመለስ ይችላል፤ የተሰበረ ወንበር ላይ ግን የሚመለስ የለም።

ከዜግነት ጋር ሲመጣ ሕጉ ራሱ ቃሉን ይሸሻል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 33 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ ከፈቃዱ ውጭ ዜግነቱን ሊገፈፍ አይችልም። የአሜሪካ ወይም የስዊድን ዜግነት የወሰደ ሰው ታዲያ ኢትዮጵያዊነቱን እንዴት ያጣል ቢባል፣ የ1996ቱ የዜግነት አዋጅ ቁጥር 378 መልስ አለው፦ የሌላ አገር ዜግነት ሲወስድ የኢትዮጵያን በፈቃዱ እንደተወ ይቆጠራል። መንግሥት አልሻረውም፤ እርሱ ተወ። የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያ፣ በተለምዶ ቢጫ ካርድ የሚባለው፣ በ1994ቱ አዋጅ የተፈጠረው ለዚህ ለተወ ሰው ነው፤ ብዙ መብት ይሰጠዋል፣ ድምፅ መስጠትን ግን አይመልስለትም።

ቤተ ክርስቲያንን ሳናነሳ ስለ ሽረት አውርተን አንጨርስም። ደርግ በየካቲት 1968 ፓትርያርኩን አቡነ ቴዎፍሎስን ከመንበራቸው አነሳ፤ በምትካቸው አቡነ ተክለ ሃይማኖት ተሾሙ። የግብፅ ቤተ ክርስቲያን ይህን አልተቀበለችም፤ ፓትርያርክ በሕይወት እያለ ሌላ አይሾምም አለች። ሽረቱ በቤተ መንግሥት ጸንቷል፤ በመንበረ ማርቆስ፣ በግብፅ ቤተ ክርስቲያን መንበር፣ ግን አልጸናም። በ1971 አቡነ ቴዎፍሎስ ተገደሉ። ከ1983ቱ የመንግሥት ለውጥ በኋላ ይኸው ጥያቄ ከወቅቱ ፓትርያርክ ከአቡነ መርቆሬዎስ ጋር ተመልሶ መጣ። አንዱ ወገን በፈቃዳቸው ለቀቁ አለ፣ ሌላው ተገደው ወረዱ። በ1984 አቡነ ጳውሎስ ሲሾሙ በውጭ አገር ሌላ ሲኖዶስ ቆመ፤ በአሜሪካ ያሉ አጥቢያዎችም በአገር ቤቱ ሲኖዶስ ሥር፣ በስደተኛው ሲኖዶስ ሥርና «ገለልተኛ» እየተባሉ ተከፈሉ። ክርስትና፣ ተክሊልና ፍትሐት ሲያስፈልግ ቤተሰብ የሚጠይቀው «እናንተ የማን ናችሁ?» ሆነ። አቡነ ጳውሎስ በ2004 አረፉ፤ በ2005 አቡነ ማትያስ ተሾሙ፤ ጥያቄው ግን አላረፈም።

በሐምሌ 2010 ዋሽንግተን ላይ የተደረሰው ዕርቅ መፍትሔ ያገኘው ማን ሻረ፣ ማን ተሻረ የሚለውን በመፍረድ አልነበረም። ሁለቱም ፓትርያርክ ተባሉ፤ አቡነ ማትያስ አስተዳደሩን ያዙ፣ አቡነ መርቆሬዎስ በጸሎትና በቡራኬ እንዲያገለግሉ ሆነ፣ ሁለቱ ሲኖዶሶች አንድ ሆኑ፣ የተላለፈው ውግዘትም ተነሳ። አቡነ መርቆሬዎስ በየካቲት 2014 ሲያርፉ ቤተ ክርስቲያኒቱ የሸኘቻቸው እንደ ፓትርያርክ ነው።