ፋውንድ ፉቴጅ ምንድን ነው?

ፋውንድ ፉቴጅ (ቃሉ በቃሉ «የተገኘ ቀረጻ») ሲባል ብዙ ሰው ትዝ የሚለው ያ ካሜራው እየተንቀጠቀጠ ጫካ ለጫካ የሚሮጡበት ሆረር ነው፣ እሱም በዚህ ስም ይጠራል፣ እኔ የማወራው ግን ስለ ሌላው ነው። ፊልም ሰሪው ራሱ ካሜራ ሳያነሳ፣ ሌላ ሰው ድሮ የቀረጸውን፣ ከአርካይቭ (የድሮ ፊልም ከሚቀመጥበት ቤት) ወይ ከተጣለ ሳጥን ያገኘውን ቆርጦ ቀጥሎ አዲስ ፊልም ሲሰራ ማለት ነው። ዶክመንተሪ ላይ ተራኪው እያወራ የድሮ ምስል ጣል ጣል ሲደረግ አይተን የለ? እዛ ምስሉ ማሟያ ነው፣ እዚህ ግን ጉዳዩ ምስሉ ራሱ ነው፣ ማን ቀረጸው፣ ለማን ብሎ።

ነገሩ የቆየ ነው፣ ሶቪየት ውስጥ ኤስፊር ሹብ እ.ኤ.አ. በ1927 የሩሲያው ንጉሥ (ዛር) ቤተሰብ ለራሱ ያስቀረጸውንና የዘመኑን የዜና ፊልም ሰብስባ ስለዚያው ቤተሰብ አወዳደቅ ፊልም ሰርታበታለች።

እኔን በጣም የሚነኩኝ ግን ሚላን ይሰሩ የነበሩት ባልና ሚስት፣ ዬርቫንት ጃኒኪያንና አንጄላ ሪቺ ሉኪ ናቸው። ሉካ ኮሜሪዮ የሚባል ቀደምት የጣሊያን ካሜራማን የተወው ፊልም እጃቸው ገባ፣ አርጅቶ ተኮማትሯል፣ ጠርዙ ላይ ያሉት ቀዳዳዎች ተበላሽተዋል፣ ፕሮጀክተር ላይ ቢያወጡት ይበጣጠሳል። እና የራሳቸውን ማሽን ሰሩ፣ አናሊቲካል ካሜራ ይሉታል፣ ፊልሙን በእጅ ቀስ እያሉ እየሳቡ እያንዳንዷን ፍሬም፣ ማለትም ፊልሙ ላይ ያለችውን አንዷን ምስል፣ መልሰው ያነሳሉ። በዛ ዘመን አንድ ሰከንድ ወደ 16 ፍሬም ነው፣ እስቲ አስቡት፣ አንድ ሰው እጁን አንስቶ እስኪያወርድ ብቻ ስንቴ መሳብ እንዳለባቸው። ከዛ ፍጥነቱን ያዘገዩታል፣ ቀለም ይሰጡታል። እ.ኤ.አ. በ1986 የወጣው «ከዋልታ እስከ ምድር ወገብ» እንዲህ ነው የተሰራው፣ የዋልታ ድብ ሲታደን አለበት፣ ያኔ ጀብዱ ተብሎ ነበር የተቀረጸው፣ ሲዘገይ ግን አይናችን ከድቡ ተነስቶ ተኳሹ ላይ ይቀራል።

እ.ኤ.አ. በ2013 ደግሞ ወደኛ ታሪክ መጡ። «አረመኔ አገር» የሚለው ፊልማቸው በፋሺስት ጣሊያን ዘመን ኢትዮጵያና ሊቢያ ውስጥ ከተቀረጸው የተሰራ ነው፣ ርዕሱም ወራሪው እኛን ይጠራበት የነበረውን ስድብ ነው የሚመልሰው። ልብ በሉ፣ ያ ምስል የተነሳው አገሩ ላለው ጣሊያናዊ እንጂ ለኛ ተብሎ አይደለም፣ የኛ ሰው በዛ ዘመን ፊልም ላይ ስም የለውም፣ ከጀርባ እንዳለው ተራራ ነው የሚታየው፣ እና የአንዲት ሴት ፊት በመደበኛው ፍጥነት ሲሆን ግማሽ ሰከንድ፣ ስምንት ፍሬም፣ ውልብ ብሎ ያልፋል፣ ካሜራማኑም ምናልባት አላያትም፣ ሲዘገይ ግን ሴትዮዋ ቀስ ብላ ዞር ትላለች፣ ሌንሱን ታያለች፣ አይኗን ከሌንሱ አትነቅልም፣ ያኔ የማን አያት ትሆን ብለህ ፊቷን መፈለግ ትጀምራለህ።